አንሶላው ላይ ያለችው ሴት

ደብረ ብርሃን፣ መጋቢት 20 ቀን 1959 ዓ.ም.

ውድ እትዬ ዘርፈሽዋል፣

«ለጤናሽ እንዴት ሰንብተሻል፣ እኔ ደህና ነኝ» ብዬ ብጀምር እዚያው ሐረር ሆነሽ ትስቂብኛለሽ። አራት ደብዳቤ ጻፍሽልኝ፤ አንዱንም አልመለስኩም። ቀኑን ሙሉ በልጆች ደብተር ላይ ቀይ ቀለም ስጨርስ የምውል መምህር፣ ለእህቴ ሁለት መስመር የምጽፍበት ጊዜ አጣሁ ብል ማን ያምነኛል። አልታመምኩም፤ ሥራም አልበዛብኝም። ፈርቼ ነው። ፖስታሽ በትምህርት ቤቱ ሣጥን በመጣ ቁጥር ስምሽ ያለበትን በኩል ወደ ውስጥ አጥፌ ኪሴ እከተዋለሁ፣ ክፍል ሲለቀቅ ሰሌዳው ፊት ብቻዬን ቆሜ አነበዋለሁ፣ ከዚያ እቀደዋለሁ። ባለቤቴ ይርጋለም እህት እንዳለኝ አታውቅም። ይህን አንቺም ታውቂዋለሽ፤ እኔ ግን ጽፌው አላውቅም።

«ፊልሙ እንዴት ሆነ? ሰው ምን አለ? እማዬስ አየችው?» ብለሽ ጠይቀሽኛል። ሦስቱንም እመልሳለሁ። በቅደም ተከተል ካልነገርኩሽ ግን መሐል ላይ እዋሻለሁ፤ ራሴን አውቀዋለሁ።

ገብረኪዳን ወደዚህ የመጣው በኅዳር ነው። አንቺ በደብዳቤ እንጂ በአካል አታውቂውም። ቀጭን፣ ቸኩሎ የሚናገር፣ የደብረ ብርሃንን ብርድ በአዲስ አበባ ካፖርት እችላለሁ ብሎ የመጣ ሰው ነው፤ በሦስተኛው ቀን ባና ገዝቶ ተጠቅልሎ አገኘሁት። መጽሔቱ ላይ በሦስት ክፍል ያወጣሽውን ጽሑፍ ፊልም ሊያደርገው ፈቃድ ሲጠይቅሽ የጻፍሽልኝ ትዝ ይለኛል፤ «ተረት የለው፣ ተዋናይ የለው፣ የኔ ሐሳብ ብቻ ነው፤ ሐሳብን እንዴት አድርጎ ፎቶ እንደሚያነሣ እንጃለት» ብለሽ ነበር። እሱም ለርዕሰ መምህራችን የነገረው ይህንኑ ነው። ሥዕሉን እሱ ያነሣል፤ ጽሑፉን የሚያነብለት የዚሁ አገር ሰው፣ ጥርት ያለ ድምፅ ያለው ይፈልጋል። ርዕሰ መምህሩ ምኑን ያስባል፤ ዲያቆን የነበረ፣ በየበዓሉ ንግግር የሚያነብ መምህር አለው። እኔን ጠራ።

በጽሕፈት መኪና የተጻፉ ወረቀቶች ሰጠኝ። የመጀመሪያው መስመር «እኔ የሸክላ ሠሪ ልጅ ነኝ» ይላል። ከሥሩ ያንቺ ስም አለ፤ ዘርፈሽዋል ወልደጻድቅ።

«ጸሐፊዋ ሴት ናት፤ እንዴት ወንድ ያነበዋል?» አልኩት።

«የአንድ ሰው ነገር ብቻ እንዲመስል አልፈልግም» አለኝ። «የሚያነበው ሰው ምንም የማይነካው መሆን አለበት። አንተ የቄስ ልጅ ነህ አሉኝ፤ ከአንተ የተሻለ የት አገኛለሁ?»

እምቢ ብል «ለምን?» ይከተላል፤ እኔ ደግሞ ሃያ ሦስት ዓመት የኖርኩት «ለምን?» የሚባል ነገር አጠገቤ እንዳይደርስ ስሸሽ ነው። እሺ አልኩ። ሌላም ልንገርሽ፤ ትንሽ ደስም ብሎኝ ነበር። ያንን ዐረፍተ ነገር በሕይወቴ አንድ ጊዜ ጮክ ብዬ ልለው ነው፤ ማንም ሊይዘኝ አይችልም።

ሰው ስለ እኔ የሚያውቀውን ታውቂዋለሽ፤ አባትና እናቱን በመዘዞ ተስቦ የጨረሰበት የሙት ልጅ፣ አባ ገብረመንፈስቅዱስ በጡት ልጅነት ወስደው ያሳደጉት። ግማሹ እውነት ነው። ማር የተቀባ አውራ ጣታቸውን አጥብተውኛል፤ በምስክር ፊት «ከዛሬ ጀምሮ ልጄ ነው» ብለዋል። ሰባት ዓመቴ ነበር፤ አባታችን ወልደጻድቅ ከሞተ ሁለት ዓመት ሆኖት ነበር። እማዬ ለደብሩ ጋን ሠርታ ልታስረክብ ስትመጣ እኔ ከቅጥሩ ውጭ ተቀምጬ ዲያቆናቱ የሚደግሙትን ዳዊት በቃሌ እወጣው ነበርና ሽማግሌው ሰሙኝ። «ይህ ልጅ መማር አለበት» አሏት። ግን የጠይብ ልጅ፣ አባቱ ቀጥቃጭ እናቱ ሸክላ ሠሪ የሆነ ልጅ፣ ከዲያቆናት ጋር እንደማይቀመጥ ሁለቱም ያውቃሉ። የመዘዞን ታሪክ ማን እንደፈለሰፈው አላውቅም። እሳቸው ናቸው እያልኩ ኖሬአለሁ፤ አሁን አሁን እሷ ትመስለኛለች።

አንቺ አሥራ አንድ ዓመትሽ ነበር። የአንኮበርን ዳገት አዝለሽኝ ወጣሽ፤ ከብጄሽ በየመዞሪያው ታወርጂኝ ነበር። ከቅጥሩ ጥግ ስንደርስ «ንፍጥህን ጥረግ» አልሽኝ። እማዬ ደግሞ «ከዛሬ ወዲያ መንገድ ላይ ብታየኝ ሰላም እንዳትለኝ» አለችኝ። ሁለታችሁም ያላችሁኝን አደረግሁ። ከዚያ ወዲህ በጎረቤላ ገበያ አሥር ጊዜ ያህል አይቻታለሁ። አንድ ቀን ከጓደኞቼ ጋር ሆኜ የአንድ ድስት ዋጋ ጠየቅኋት፤ ነገረችኝ፤ ውድ ነው ብዬ ሄድኩ። ድምፅዋን መስማት ፈልጌ ነበር።

ድምፄን የቀዳነው ባዶ ክፍል ውስጥ ነው፤ እንዳያስተጋባ ብሎ ገብረኪዳን ግድግዳውን በብርድ ልብስ ሸፈነው። ያንቺን ቃል አንድ በአንድ አነበብኩ። ይህን ታስታውሽዋለሽ፣ ጽፈሽዋልና፦ «ልጅ ሳለሁ እናቴ ጅብ ስትሆን ላያት ብዬ ሳልተኛ ጠበቅኋት። ሰው ሁሉ ትሆናለች ሲል እኔ ብቻ እንዴት አላየሁም? አልሆነችም። ታንኮራፋለች እንጂ። ያን ጊዜ ደስ ሊለኝ ሲገባ አፈርኩ፤ ሌላው ሰው የሚለውን አምኜ እናቴን በገዛ ቤቷ መሰለሌ አሳፈረኝ። ሰው ጠይብ ሆኖ አይወለድም፤ ራሱን እንዲሰልል ሲያስተምሩት ይሆናል።» እዚያ ላይ ገብረኪዳን ማሽኑን አቆመና «ግሩም ነው፤ ግን ትንሽ ቀንስ፤ ልታለቅስ ነው የምትመስለው» አለኝ። ጉንፋን ነው አልኩት።

መንደራችን ወርዶ ሲያነሣ «አብረን እንሂድ» ብሎኝ ነበር። የፈተና ወረቀት አለብኝ ብዬ ቀረሁ። አንቺ በነገርሽው ምልክት ሄዶ እማዬን አገኛት። ተመልሶ ሲመጣ «እንዲህ ያለች ሴት አይቼ አላውቅም፤ ሌሎቹ ካሜራውን ሲያዩ አንገታቸውን ይደፋሉ፤ እሷ ቀጥ ብላ አየችው» እያለ ሲያወራልኝ ራሴን እየነቀነቅሁ ሰማሁት። ወንድም እንዳለሽ አልነገርሽውም። ስለዚያ አመሰግንሻለሁ፤ ስለዚያው አዝንብሻለሁም።

ፊልሙ የታየው የካቲት 18፣ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ነው፤ በትምህርት ቤታችን አዳራሽ። መስኮቶቹ ተሸፈኑ፣ ከፊት ለፊት ሁለት አንሶላ ተሰፍቶ ተወጠረ። ሦስት መቶ ሰው ሳይመጣ አልቀረም። ይርጋለም መጣች፤ እናቷ እማማ ወለተ ጊዮርጊስም ነጭ በነጭ ለብሰው መጡ፤ አራት ዓመት የሞላት ልጃችን እናናየሁ በይርጋለም ጭን ላይ ተቀምጣ ዳቦዋን ትበላለች። መጀመሪያ ጭቃ ታየ፣ ከዚያ እጆች፣ ከዚያ ጭስ፣ ከዚያ በገበያ ቀን የሰው እግር ብቻ። ሰዉ ትንሽ ጠበቀና ማጉረምረም ጀመረ። ከኋላዬ አንዱ «ታሪኩ መቼ ነው የሚጀምረው?» አለ። ድምፄ ግን ከድምፅ ማጉያው ሣጥን ውስጥ እየወጣ ነው፦ «እንስራ ሲሰበርበት ወደ እኛ የሚመጣው ሰው፣ ልጁ ሲታመምበትም ወደ እኛ ይመጣል። መጀመሪያ ገዢ ሆኖ፣ ኋላ ከሳሽ ሆኖ።»

ከዚያ እማዬ መጣች። ፊቷ ብቻ፣ አንሶላውን ከዳር እስከ ዳር ሞልታ፣ ቀጥ ብላ እኛን ታያለች። ቀጥሎ የሰማሁት የጨርቅ ድምፅ ነው። ሴቶቹ ሁሉ ነጠላቸውን እየሳቡ የልጆቻቸውን አፍ ይሸፍናሉ። ቡዳ አይቶ እንዳይበላባቸው። የጨርቅ ላይ ሥዕል መሆኑን ሁሉም ያውቃሉ፤ እጃቸው ግን አልጠበቃቸውም። ይርጋለምም ነጠላዋን ሳበች፤ እናናየሁ ገፋችውና ጭኗ ላይ ቆመች፣ ዳቦው አፏ ውስጥ እንዳለ እጇን ለአንሶላው አወዛወዘች። እማዬ ፈገግ አለች። የኔ ድምፅ «ይህች ሴት እናቴ ናት» ይላል። «ዐይኗን እዩት። እኔን ያሳደገኝ ይህ ዐይን ነው።»

ሲያልቅ ሰው መጥቶ ጨበጠኝ። አብሮኝ የሚያስተምረው ዘርአ ዳዊት ትከሻዬን መታ መታ አድርጎ «አንተ ሰውዬ፣ እውነት አስመሰልከው እኮ፤ ትንሽ ቢቀጥል አምንህ ነበር» አለኝ። ሳቅሁ። እትዬ፣ በሦስት መቶ ሰው ፊት እናቴን እናቴ ናት አልኩ፤ አንድም ሰው አልሰማኝም። ያን ቀን የተዘጋብኝ በር ከውጭ እንዳልተዘጋ አወቅሁ።

ሰኞ እናናየሁን አተኮሳት። ማክሰኞ ትንፋሽ አጠራት። የጤና ጣቢያው ድሬሰር መጥቶ የሳንባ ምች ነው አለና መርፌ ወጋት፤ በየቀኑ እየመጣ ለመውጋትም ተስማማን። እሱ በአንዱ በር ሲወጣ በሌላው ለቡዳ የሚታጠን ሥር ገባ። እማማ ወለተ ጊዮርጊስ ፍም ላይ አጨሱና ልጅቷን ጭሱ ላይ አዘነበሏት። እንዴት እንደሚጠየቅ ታውቂያለሽ።

«ማነው የበላሽ? ተናገሪ» አሏት።

እናናየሁ ስታስል ቆየችና ዐይኗን ገለጥ አደረገች። «አንሶላው ላይ ያለችው» አለች። «ሳቀችልኝ።»

ከዚያ በኋላ ምን ክርክር አለ። እኔ መምህር ነኝና ተከራከርኩ። ፊልም ብርሃንና ጥላ ነው፣ ሴትዮዋ ያን ሰዓት አንኮበር ነበረች፣ ልጅቷን አይታት አታውቅም አልኩ።

«ጥላ ከሆነ ምን ልናይ ሄድን?» አሉኝ እማማ ወለተ ጊዮርጊስ። «እኔ አጠገቧ ተቀምጬአለሁ። ልጄ ዳቦ እየበላች ነበር፤ ሴትዮዋ አየቻት፣ ሳቀችም። አንተ የተማርክ ነህ፣ እሺ፤ ልጅቷ ስትሞት ትምህርትህን አልቅስባት።»

ይርጋለም አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጣ «ትምጣና እንትፍ ትበልባት። ምን ይጎዳናል?» አለች። ሦስት ቀን አልተኛችም። አልፈረድኩባትም፣ አሁንም አልፈርድባትም።

አንድ ቃል ይበቃ ነበር፤ «አያቷ ናት» ማለት። አፌ ላይ ነበር። ግን እስከ መጨረሻው አሰብኩት፤ ይህን አስቤ ነው ዝም ያልኩት ብዬ ራሴን ሳጽናና ሰነበትኩ። ቃሉን ብናገር እማዬን ከቡዳነት አላወጣትም፤ እናናየሁን አስገባታለሁ እንጂ። ከዚያ ወዲያ ሴቶች ነጠላ የሚስቡት እናናየሁ ስታልፍ ይሆናል። ጎረቤት ልጁን ከእሷ ጋር አያጫውትም። ስታድግ ማን ያገባታል? አያቷን ከዐይኗ ላይ ይፈልጉባታል። ዝም ብል እናቴን አዋርዳለሁ፤ ብናገር ልጄን። በየት በኩል ብዞር አንዷን እረግጣለሁ። እውነቱን ከፈለግሽ ደግሞ ከሁለቱም በፊት ያሰብኩት ስለ ራሴ ነው።

የይርጋለም ወንድም ኪዳነ ማርያም በጭነት መኪና ሄዶ ሐሙስ እኩለ ቀን ላይ ይዟት መጣ። አስቸገረችህ ወይ ብዬ በኋላ ጠየቅሁት። «ምንም። የማን ልጅ ናት አለችኝ፤ የመምህር ኃይለ ገብርኤል ስላት ነጠላዋን አነሣችና ከፊቴ ቀድማ ወጣች» አለኝ።

ግቢ ውስጥ ቆመች። ጎረቤቱ አጥሩ ላይ ተደርድሯል። ቀና ብላ አየችኝ፤ እኔ ጫማዋን ለማየት ዐይኔን ጣልኩ፤ ጫማ አላደረገችም። «ግቢ፣ ግን ዐይንሽን ሸፍኚ» አሏት እማማ ወለተ ጊዮርጊስ። ነጠላዋን እስከ አፍንጫዋ ድረስ ሳበችውና ኪዳነ ማርያም በክርኗ እየመራ አስገባት። አልጋው ሥር ተንበረከከች። እናናየሁን ለማየት የመጣችበትን መንገድ ሁሉ ተጉዛ ልጅቷን አላየቻትም።

«እንትፍ በይባት። ሦስት ጊዜ።»

እንትፍ አለች። ከእያንዳንዱ በኋላ ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል። ሌሎቹ የሚለቅ ቡዳ የሚያጉረመርመው ነገር መሰላቸው። እኔ አጠገቧ ነበርኩና ሰማኋት። «እደጊ» ነው የምትለው። «እደጊልኝ። እደጊ።» አያት የልጅ ልጇን ስትመርቅ እንትፍ እንትፍ እንደምትል አንቺ ታውቂያለሽ፤ እኛን ሲመርቁን አንቺ ፊትሽን ትጠርጊ ነበር። እናቴ ልጄን በከሳሾቿ መሐል ተንበርክካ መረቀቻት።

አላበቃም። ከልብሷ ተቆርጦ መታጠን አለበት ተባለ። እማማ ወለተ ጊዮርጊስ ምላጩን ለኪዳነ ማርያም ዘረጉለት፤ እሱ ወደ ኋላ አለ፤ የቡዳ ልብስ መንካት ፈራ። ምላጩ እጄ ገባ። እንዴት እንደገባ አልነግርሽም፤ ማንም በግድ አላስያዘኝም። እማዬ የቀሚሷን ጫፍ በሁለት እጇ ወጥራ ዘረጋችልኝ። ዐይኗ እንደተሸፈነ ነው፤ ግን ማን እንደቆመ አውቃለች። «ይቁረጡ፣ ጌታዬ» አለችኝ። «ከዚህ በኩል ይሻላል፤ እዚያ ጋ ተጥፏል።»

ቆረጥኩ።

ዓርብ ማታ ትኩሳቱ ወረደ፤ እሑድ እናናየሁ ወተት ጠጣች። አምስት መርፌ ተወግታለች፤ ድሬሰሩን ግን ማንም አላመሰገነውም። አሁን በከተማው የሚወራው አንድ ነው፦ ሴትዮዋ ከአንሶላ ላይ በልታ፣ በአካል መጥታ ለቀቀች። ማስረጃው የኔ ልጅ ናት። ርዕሰ መምህሩ ለገብረኪዳን «የሴትዮዋን ዐይን ቆርጠህ አውጣና የቀረውን አሳይ» ብሎ ጻፈለት፤ ለሚ ከተማ ላይ ሊታይ የታሰበውም ቀረ። ፊልሙ እንዴት ሆነ፣ ሰውስ ምን አለ ላልሽኝ መልሱ ይኸው ነው። ጽሑፍሽን አላበላሸነውም፤ የጻፍሽውን አንድ በአንድ ሠራነው።

እማዬ አየችው ወይ ላልሽው ደግሞ፣ አላየችም። ከአሥር ቀን በፊት፣ እሑድ፣ ለይርጋለም አንኮበር የአባ ገብረመንፈስቅዱስን መቃብር አይቼ ልምጣ ብዬ ወጣሁ። መቃብሩን አየሁ፤ ከዚያ ቁልቁለቱን ወረድኩ። ከተለየሁት በኋላ መንደራችንን ስረግጥ የመጀመሪያዬ ነው። እማዬ ደጅ ተቀምጣ ጭቃ ታሻለች፤ ጎረቤቶቿ ቆመው ያዩኛል።

«ምን ፈልገው ነው፣ ጌታዬ?» አለችኝ ጮክ ብላ። ከዚያ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ «ዳነች?» አለችኝ።

«ድናለች።»

«ጭቃውን የምታይ ምሰል።» አጎነበስኩ። «እኔ እዚያ ጨርቅ ላይ እንዴት ነበርኩ?» አለች።

«ትልቅ ነበርሽ። ግድግዳውን ሞልተሽው ነበር።»

«ሰውዬው አትሳቂ ብሎኝ ነበር። ሳቅሁ እንዴ?»

«ሳቅሽ።»

«ዘርፈሽዋል ትዝ ብላኝ ነው» አለች። እጇ ጭቃውን አልተወም። «ስሟ ማነው? ያን ቀን ማንም በስሟ አልጠራትም።»

«እናናየሁ።»

«ማን አወጣላት?»

«እኔ ነኝ» አልኩ። እጇ ቆመ። ይቅርታ ልጠይቃት ነበር የሄድኩት፤ ቃሉን መንገድ ላይ አዘጋጅቼው ነበር፤ እንኳን ልናገረው የት እንደሚጀመር ጠፋኝ። እሷም የምትጠብቀው እሱን አልነበረም። አንገቷን እንደደፋች፣ አንድ ነገር ልታስቸግረኝ እንደፈለገች ሰው፣ ቀስ ብላ «ደግማ ከታመመች ጥራኝ» አለችኝ። «ብዙ አይመማት እንጂ፤ ትንሽ ትንሽ ካመማት። እመጣለሁ። ያን ቀን ሸፈኑኝና መልኳን አላየሁም።»

ዳገቱን እንዴት እንደወጣሁት አላውቅም። ሃያ ሦስት ዓመት ሰላም አትበለኝ ያለችኝን አከበርኩላት ብዬ እኮራ ነበር። የልጅ ልጇን የምታይበት በር አንድ ብቻ ነው፤ ቡዳ ተብሎ መጠራት። እሷ በሩን ከነውርደቱ ተቀብላ፣ እንዳይዘጋባት ትለምነኛለች። የምትለምነው እኔን ነው፤ በሩን የሠራሁትን።

ከዚያ ወዲህ ይርጋለምን ፊት ለፊት ልነግራት ሦስት ጊዜ ጀምሬአለሁ። ሦስቱንም ጊዜ ስለ ስኳር መወደድ አወራሁ። ሰባት ዓመት አብረን ስንኖር አንድም ቀን ክፉ አልወጣትም፤ ያን ቀን ግን ነጠላ ከሳቡት አንዷ እሷ ናት። ልጅቷን ይዛ ወደ እናቷ ዘመዶች ልትሄድ ትችላለች። ልትጮህ ትችላለች። ዝም ልትልም ትችላለች፤ እሱን ከሁሉ እፈራዋለሁ፤ ሁለት ሆነን እንደብቃለን፣ ምስጢሩ ቤት ይሠራል፣ እናናየሁም እንደ እኔ ራሷን እየሰለለች ታድጋለች።

ስለዚህ ፈሪ ሰው የሚችለውን አደረግሁ፤ ለአንቺ ጻፍኩ። ነገ ሐሙስ ይርጋለም ለአክስቷ የጻፈችውን ልትጥል ፖስታ ቤት ትሄዳለች። ይህንንም አብረሽ ጣይልኝ ብዬ በእጇ እሰጣታለሁ። ፖስታው ላይ ስምሽን ከነአባትሽ በትልቁ ጽፌአለሁ። አላሸግሁትም። እስክትመለስ እኔ አራተኛ ክፍል ውስጥ ግስ እያስረባሁ እሆናለሁ፤ ልጆቹ ምን እንደምላቸው እግዜር ይወቀው።

ቅዳሜ ጧት በመጀመሪያው መኪና ወደ አንኮበር እሄዳለሁ። ይርጋለም ከፈቀደች እናናየሁን ይዤ፤ ካልፈቀደች ብቻዬን ሄጄ፣ በጎረቤቶቿ ፊት ቆሜ፣ እማዬ እላታለሁ። ልጄ ግን ሳትታመም ነው አያቷን የምታየው፤ ይህን ለአንቺ ቃል እገባልሻለሁ።

እንግዲህ ይህን እያነበብሽ ከሆነ፣ ይርጋለም አንብባ በእጇ አሽጋዋለች ማለት ነው።

ወንድምሽ
ኃይለ ገብርኤል